ሳሼቨረል፦ የመንደር ስም እንዴት የሕፃን መጠሪያ ሆነ?

ህሊና፦ ጤና ይስጥልኝ፣ አድማጮቻችን። የዛሬው ውይይታችን በአንድ እንግሊዝኛ ስም ዙሪያ ነው። ጋሽ መስፍን፣ ይህን ስም መጀመሪያ ያየሁት ሳሼቨረል ሲትዌል ስለሚባለው እንግሊዛዊ ገጣሚ ሳነብ ነበር፤ በ1897 ተወልዶ በ1988 ያረፈ፣ ባሮክ ስለሚባለው፣ በ17ኛው መቶ ዘመን ገደማ በአውሮፓ ስለነበረው የተጌጠ ሥነ ጥበብም ብዙ የጻፈ ሰው ነው። ሁለቱም ቃላት የቤተሰብ ስም መስለው ስለታዩኝ፣ የትኛው የራሱ መጠሪያ እንደሆነ ለመለየት ተቸግሬ ነበር።

መስፍን፦ መቸገርሽ ተገቢ ነው፤ ምክንያቱም በእርግጥም ሁለቱም የቤተሰብ ስሞች ናቸው። ልዩነቱ አንደኛው ከኋላ ተነሥቶ ወደ ፊት መምጣቱ ብቻ ነው። አድማጮቻችን እንዳይደናገሩ ደግሞ አስቀድሜ ልናገርና፣ የምንጠቅሳቸው ዓመታትና ቀናት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ህሊና፦ እንግዲህ ከፍቺው እንጀምር። ቃሉ ራሱ ምን ማለት ነው?

መስፍን፦ ስሙ የተገኘው በሰሜን ፈረንሳይ፣ በኖርማንዲ፣ ከቪልዲዩ ከተማ አጠገብ ከሚገኝ ሶ ሼቭረይ ከሚባል ስፍራ ነው። በፈረንሳይኛ «ሶ» ዝላይ ሲሆን «ሼቭረይ» ደግሞ በአውሮፓ ጫካ የሚኖር፣ ከእኛ ሚዳቋ ጋር የሚመሳሰል ትንሽ የአጋዘን ዘር ነው፤ ስለዚህ የተለመደው ፍቺ «የሚዳቋ ዝላይ» የሚል ነው። ኖርማኖች በ1066 እንግሊዝን ከያዙ በኋላ ከዚያ አገር የመጡ ባላባቶች የመንደራቸውን ስም ይዘው ተሻገሩ። ሳሼቨረሎችም በደርቢሻየር በሞርሊ፣ በኖቲንግሃምሻየር ደግሞ በባርተን ርስት ይዘው ለብዙ ትውልድ ኖረዋል። የፈረንሳይኛው ድምፅ በእንግሊዞች አፍ ሲንከባለል ከርሞ ዛሬ ሳሼቨረል ተብሎ ይነበባል፤ ሲጠሩትም ጫና የሚያደርጉት «ሼ» ላይ ነው።

ህሊና፦ እስከዚህ ድረስ የቤተሰብ ስም ነው። የእኔ ጥያቄ ግን ሰው እንዴት የቤተሰብን ስም ለሕፃን መጠሪያ አድርጎ ይሰጣል የሚለው ነው። በእኛ አገር መንገዱ የተገላቢጦሽ ነው፤ የአባት መጠሪያ ለልጁ ሁለተኛ ስም ይሆናል፣ ከአያት ሲያልፍም ብዙ ጊዜ ከአፍ ይጠፋል።

መስፍን፦ የእንግሊዞቹ ልማድ የሚገባንም ይህን ልዩነት ስናስብ ነው። በእኛ ዘንድ ሴት ልጅ ስታገባ የአባቷን ስም እንደያዘች ትኖራለች። በእንግሊዝ ግን ሙሽራዋ የባሏን ቤት ስም ስለምትወስድ፣ ወንድ ልጅ ያልተወለደለት ቤት ስሙ ከመጨረሻዋ ሴት ልጅ ጋር ይቀበራል። ርስት የወረሰች ልጅ የአባቷን ስም ከመጥፋት ለማዳን ካላት መንገድ አንዱ፣ ስሙን ለወንድ ልጇ በጥምቀት መስጠት ነው። በ1554 በሞት የተቀጣው፣ ለጥቂት ቀናት በእንግሊዝ ዙፋን የተቀመጠችው የሌዲ ጄን ግሬይ ባል ጊልፎርድ ደድሊ ጥሩ ምሳሌ ነው፤ አባቱ ደድሊ ነበር፣ ጊልፎርድ ግን እናቱ ከማግባቷ በፊት የምትጠራበት የቤተሰብ ስም ነው።

ህሊና፦ በዘመኑ እንደ እንግዳ ነገር አልታየም?

መስፍን፦ ታይቷል። ዊልያም ካምደን የሚባለው የታሪክ ሊቅ በ1605 ባሳተመው ሥራው ይህን ልማድ አንሥቶ፣ የቤተሰብን ስም ለክርስትና መስጠት ከእንግሊዝ በቀር በሌላው የክርስቲያን ዓለም የማይታወቅ መሆኑን ጽፏል። በእንግሊዝኛ የመጀመሪያው ስም «የክርስትና ስም» ተብሎ ይጠራ ስለነበር፣ የቅዱስ ስም ይጠበቅበት በነበረው ቦታ የመንደር ስም መግባቱ ለብዙዎች የሚዋጥ አልነበረም። ልማዱ የት ድረስ እንደሄደ ለማየት ከፈለግሽ ግን ከዚያው ከሲትዌል ቤት አንድ ምሳሌ ልስጥሽ። ፍራንሲስ ኸርት የሚባል ሰው በእናቱ ወገን የሲትዌሎችን ርስት ሲወርስ በ1777 የቤተሰብ ስሙን ወደ ሲትዌል ቀየረ። ችግሩ፣ ልጁን አስቀድሞ ሲትዌል ብሎ ሰይሞት ስለነበር፣ ሲትዌል ኸርት ይባል የነበረው ልጅ በአንድ ጊዜ ሲትዌል ሲትዌል ሆኖ ቀረ! በ1808 ባሮኔት የሚባለው በውርስ የሚተላለፍ ማዕረግ ሲሰጠውም ሰር ሲትዌል ሲትዌል ተባለ።

ህሊና፦ (እየሳቀች) ይህስ ከደርግ ዘመን የስም ጥሪ በላይ ያደናግራል። እንግዲህ ሳሼቨረልም የተሻገረው በዚሁ በእናት በኩል ባለው መንገድ ብቻ ነው?

መስፍን፦ ብቻ አይደለም፤ ሁለተኛው መንገድ ዝና ነው። ሳሼቨረል በአገር ምድሩ ጆሮ የገባው በአንድ ቄስ ምክንያት ነው። ሄንሪ ሳሼቨረል በ1674 በማርልቦሮ ተወለደ፣ በኦክስፎርድ ተማረ፣ አንደበተ ርቱዕና ቁጡ ሰባኪም ሆነ። ኅዳር 5 ቀን 1709 በለንደኑ ቅዱስ ጳውሎስ ካቴድራል እንዲሰብክ ተጋበዘ። ቀኑ በ1605 ፓርላማውን በባሩድ ለማጋየት የተሸረበው ሤራ የከሸፈበት፣ ደግሞም በ1688 ንጉሥ ዊልያም ሣልሳዊ ከሆላንድ መጥቶ በእንግሊዝ ምድር ያረፈበት በዓል ስለነበር፣ ከሰባኪው ይጠበቅ የነበረው ሁለቱንም ማመስገን ነው። እርሱ ግን ሐዋርያው ጳውሎስ በሁለተኛይቱ የቆሮንቶስ መልእክት ስለ ሐሰተኞች ወንድሞች የተናገረውን ቃል መነሻ አድርጎ፣ ከመንግሥቱ ቤተ ክርስቲያን ተለይተው ለሚያመልኩት ፕሮቴስታንቶች ነፃነት የሰጡትን ሁሉ ከሃዲዎች አላቸው፤ የመንግሥቱን ግምጃ ቤት ኃላፊ ሎርድ ጎዶልፊንንም ተንኮለኛ ቀበሮ በሚል ትርጉም ባለው ቅጽል ስም ወጋው።

ህሊና፦ በዚያ ጊዜ ሥልጣን ላይ የነበሩት ደግሞ ለእነዚያ ፕሮቴስታንቶች ነፃነት የሚያደላው የፖለቲካ ወገን፣ ዊጎች ናቸው፤ ዝም እንደማይሉ ግልጽ ነው።

መስፍን፦ ዝም ቢሉት ይሻላቸው ነበር፤ ይህ የእኔ ፍርድ ነው። ስብከቱ ታትሞ እስከ 100,000 ቅጂ እንደተሰራጨ ይገመታል፤ በዚያ ዘመን ይህ ያልተሰማ ቁጥር ነው። መንግሥት ሰውየውን በፓርላማ ከስሶ በየካቲት 1710 መጨረሻ በዌስትሚኒስተር አዳራሽ፣ ንግሥት አን ራሷ እየመጣች ባዳመጠችው ችሎት ፊት አቆመው። ችሎቱ ሳይጠናቀቅ በመጋቢት 1 ሌሊት የለንደን ሕዝብ ገንፍሎ ወጣ፤ በሊንከንስ ኢን ፊልድስ አቅራቢያ የነበረውን የጸሎት ቤት ጨምሮ ተለይተው የሚያመልኩትን የእነዚያን ፕሮቴስታንቶች በርካታ አዳራሾች ዘረፈ፣ መድረኩንና አግዳሚውን አውጥቶ በአደባባይ አነደደ። የሎርዶቹ ምክር ቤት በ69 ድምፅ ለ52 ጥፋተኛ ነህ አለው፤ ቅጣቱ ግን ለሦስት ዓመት እንዳይሰብክና ስብከቱ እንዲቃጠል ብቻ ስለነበር፣ ሕዝቡ እንደ ድል ቆጥሮት ደወል ደወለ፣ እሳት አነደደ። በዚያው ዓመት በተደረገው ምርጫ ዊጎች ተሸነፉ፤ ተቀናቃኞቻቸው፣ የመንግሥቱ ቤተ ክርስቲያን ደጋፊ የነበሩት ቶሪዎች አሸነፉ።

ህሊና፦ ሕፃናቱስ?

መስፍን፦ ቄሱ በዚያ በጋ አዲስ ወደተሰጠው ደብር ወደ ሽሮፕሻየር ሲጓዝ አቀባበሉ የንጉሥ ያህል ነበር። ምስሉ በማራገቢያና በመጫወቻ ካርታ ላይ ታተመ። ወላጆችም ልጆቻቸውን በቤተሰቡ ስም ክርስትና ያስነሡ ጀመር፤ ሄንሪ ብሎ መሰየም ለማንም ምንም አይናገርም፣ ሳሼቨረል ግን የፖለቲካ ዓርማ ነው። የሚገርመው፣ ከዚያ አንድ ትውልድ ቀደም ብሎ የዊጎችን ወገን ካቋቋሙት ፖለቲከኞች አንዱ የባርተኑ ዊልያም ሳሼቨረል ነበር፤ በ1691 ዐርፏል። የእርሱን ስም የዊጎች ጠላቶች ልጆቻቸውን ሲሰይሙበት ቢያይ ምን ይል እንደነበር እንጃ።

ህሊና፦ ታዲያ ያን ያህል ከተወደደ እንደ ፐርሲ ወይም እንደ ስታንሊ ያልተስፋፋው ለምንድን ነው? እነርሱም የቦታና የቤተሰብ ስሞች ናቸው።

መስፍን፦ አንደኛ ርዝመቱ ነው። ዋናው ግን፣ እኔ እንደማየው፣ ከአንድ ሰውና ከአንድ ጠብ ጋር ተጣብቆ መቅረቱ ነው። ሁከትን ለመበተን የወጣውና በ1715 ሥራ ላይ የዋለው ሕግ፣ 12 ሰዎችና ከዚያ በላይ ተሰብስበው ዐዋጁ ከተነበበላቸው በኋላ በአንድ ሰዓት ውስጥ ካልተበተኑ ከባድ ቅጣት እንዲደርስባቸው ሲደነግግ፣ ከጀርባው የእነዚያ ዓመታት ረብሻዎች ትዝታ ነበረ። ጠቡ ሲበርድ ስሙም አብሮ በረደ። የቆየው ቤተሰቦቹ ሥር በሰደዱበት አካባቢ ነው፤ የሲትዌሎች መኖሪያ ሬኒሾ ሆልም ሳሼቨረሎች በነበሩበት በዚያው በደርቢሻየር ይገኛል።

ህሊና፦ ስለዚህ ገጣሚው ስሙን ከቄሱ አድናቂዎች ሳይሆን ከአገሩ ባላባቶች ትዝታ ነው ያገኘው ማለት ይቻላል።

መስፍን፦ እንደዚያ ነው የማየው። ታላቅ ወንድሙም፣ ደራሲው ኦስበርት፣ ሙሉ ስሙ ፍራንሲስ ኦስበርት ሳሼቨረል ሲትዌል ነበር፤ ወላጆቻቸው ስሙን አንዴ ሰጥተው አልጠገቡም። ገጣሚው በተራው የበኩር ልጁን ሬርስቢ አለው። ሬርስቢም የዮርክሻየር ባላባቶች የቤተሰብ ስም ነው፤ ከዚያ ቤት ወራሾች አንዱ ርስት በአውራ ዶሮ ውጊያ ውርርድ አጣ እየተባለ ይነገርበታል።

ህሊና፦ ልጁም ከአባቱ ባልተናነሰ አስቸጋሪ ስም ተሸከመ ማለት ነው። ለመሆኑ ገጣሚውን በቤት ውስጥ ሙሉውን ስም እየጠሩ ያስተናግዱት ነበር?

መስፍን፦ ኧረ የለም። ቤተሰቡና ወዳጆቹ ሳሺ ይሉት ነበር።