የበረኪናው ሳፋ እና የጫጩት ክትባት

ጌታቸው፦ እንደምን ዋላችሁ? ዛሬ ከደሴ የምናወጋው ጫጩት በቤት ውስጥ በምን ቅደም ተከተል እንደሚከተብ ነው። ሰዓዳ፣ ከመጀመሪያው ቀን ጀምሪልን።

ሰዓዳ፦ እጀምራለሁ ጋሽ ጌታቸው፤ አስቀድሜ ግን የሳፋውን ጉዳይ ልናገር።

ጌታቸው፦ ይኸው፣ ሳፋው መጣ!

ሰዓዳ፦ ይምጣ እንጂ፤ 17 ጫጩት የበላ ሳፋ ነው። ከኮምቦልቻ 20 ጫጩቶችና ፈንግል ለሚባለው የዶሮ በሽታ ክትባት ገዝቼ፣ ብልቃጡ ከ2 እስከ 8 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ባለው ቅዝቃዜ መቆየት እንዳለበት ስለማውቅ ከበረዶ ጋር በፔርሙስ አድርጌ፣ በሀረጎ ዳገት ወደ ደሴ ወጣሁ። እስከዚህ ድረስ ልቤ ሙሉ ነበር። ቤት ስደርስ ግን ለንጽሕናው ብዬ ቀዩን ሳፋ በበረኪና ፈትጌ አጠብኩት፤ የቧንቧ ውሃ ሞልቼ ክትባቱን በጠበጥኩበት። የሁለተኛው ክትባት ቀን ሳይደርስ ፈንግል ሰፈሩን አዳረሰ። አረንጓዴ ቅዘኑን ሳይ በደሴ ብርድ አሳበብኩ፤ አንዷ አንገቷን ወደ ኋላ ስትጠመዝዝ ነው የገባኝ።

ጌታቸው፦ በረኪናው ጀርም ገደለ እንጂ ምን አጠፋ?

ሰዓዳ፦ ክትባቱም እኮ የተዳከመ ይሁን እንጂ ሕያው ቫይረስ ነው፤ ክሎሪን ወዳጅና ጠላት አይለይም። የቧንቧ ውሃም ክሎሪን ስላለበት፣ በሊትር 2.5 ግራም ስብ የሌለው የዱቄት ወተት ጨምሮ ግማሽ ሰዓት ያህል ካቆዩ በኋላ ነው ክትባቱ የሚገባው። ዕቃው ሳሙናም በረኪናም አይነካውም።

ጌታቸው፦ እንግዲያው ጥፋቱ የሳፋው እንጂ የውሃው አይደለም። እኔ አሁንም በውሃ መስጠቱን እመርጣለሁ፤ ጫጩት እየያዙ ማስጨነቅ አልወድም።

ሰዓዳ፦ ለ20 ጫጩት? በውሃ ሲሰጥ ጉልበተኛዋ ትጠግባለች፣ ደካማዋ ተገፍታ ትመለሳለች። በዓይን ጠብታ ሲሆን ግን በግራ እጄ እይዛታለሁ፤ ራሷን በሁለት ጣቶቼ አጋድሜ አንዲት ጠብታ ዓይኗ ላይ አሳርፋለሁ፤ ጨፍና ከፍታ ጠብታው እስኪሰርግም አልለቃትም። ቶሎ ከለቀቅኋት ራሷን ነቅንቃ ክትባቱን ቀሚሴ ላይ ትረጨዋለች።

ጌታቸው፦ ለ20ው ይሁንልሽ፤ 300 ያለው ሰውስ?

ሰዓዳ፦ እሱ በውሃ ይስጥ። ግን አስቀድሞ አንድ ሁለት ሰዓት ያስጠማቸው፤ የበጠበጠውንም በሁለት ሰዓት ውስጥ እንዲጨርሱ ማጠጫውን ያብዛ። የተረፈው ይደፋል፤ ጠላ አይደለም ለነገ የሚቀመጠው።

ጌታቸው፦ አሁንም አልተረታሁም። ቅደም ተከተሉስ? ሰዓታችን አለቀ።

ሰዓዳ፦ ማሬክ ለሚባለው የዶሮ በሽታ ክትባቱ በተፈለፈሉበት ዕለት እዚያው መፈልፈያው የሚሰጥ ስለሆነ ስትገዙ ጠይቁ። ለፈንግል በመጀመሪያው ሳምንት ኤች ቢ ዋን የሚባለው ክትባት፣ በ3ኛው ወይም በ4ኛው ሳምንት ገደማ ላሶታ የሚባለው ይሰጣል። ጉምቦሮ ለሚባለው ሌላ የጫጩት በሽታ የሚከተቡበት ቀን ጫጩቶቹ ከእናታቸው በወረሱት መከላከያ መጠን ስለሚለያይ የእንስሳት ሐኪም አማክሩ።

ጌታቸው፦ ሳፋውስ?

ሰዓዳ፦ ልብስ እዘፈዝፍበታለሁ። በረኪናውም እዚያው ነው።