ሻሹና ፊቱ፦ ስለ ታራኔህ አሊዱስቲ

የተከበራችሁ የፊልም ወዳጆች፣

ስለ ኢራናዊቷ ተዋናይት ስለ ታራኔህ አሊዱስቲ እንድናገር ስጋበዝ፣ ሽልማቶቿን ከመደርደር ይልቅ በአንድ ትዕይንት ልጀምር ብዬ ወሰንኩ። እ.ኤ.አ. በ2006 በወጣው የኢራናዊው ዳይሬክተር የአስጋር ፋርሃዲ ፊልም «የርችት ረቡዕ» መጀመሪያ ላይ፣ ሠርጓ የተቃረበ ሩሂ የምትባል ወጣት ከእጮኛዋ ኋላ በሞተር ሳይክል ተፈናጣ ስትሄድ፣ የለበሰችው ቻዶር፣ ማለትም ከራስ እስከ እግር የሚሸፍነው ሰፊ ልብስ፣ በጎማው ይያዝና ጉዟቸው ይቋረጣል። የአሊዱስቲን የሥራ ዘመን ሳስብ ያ ጨርቅ ነው የሚመጣብኝ።

ከ1979ኙ አብዮት ወዲህ በኢራን ፊልም ተዋናይት ፀጉሯን መሸፈን አለባት፤ ሚስት በገዛ ጓዳዋ፣ ባሏ ፊት እንኳ ሻሽ አስራ ትታያለች፤ ወንድና ሴትም አይነካኩም። ተመልካቹ ቤት ውስጥ እንዲህ እንደማይኖር ያውቃል። ስለዚህ እውነቱን ሁሉ የመሸከም ዕዳ በፊት፣ በድምፅና በእጅ ላይ ይወድቃል፤ አሊዱስቲም የተካነችው በዚሁ ነው።

እ.ኤ.አ. በ1984 በቴህራን የተወለደች፣ የብሔራዊ ቡድን እግር ኳስ ተጫዋች የነበረ ሰው ልጅ ናት። ገና በአሥራዎቹ ዕድሜ ሳለች የሠራችው፣ በ2002 የታየው የመጀመሪያ ፊልሟ በስዊዘርላንዱ የሎካርኖ ፊልም ፌስቲቫልም በኢራኑ የፋጅር ፊልም ፌስቲቫልም የምርጥ ተዋናይት ሽልማት አስገኘላት።

እኔ ግን ከሁሉ የማስበልጠው የ2009ኙን «ስለ ኤሊ» ነው፤ ስሙ በእኛ ቋንቋ ፈገግ ቢያሰኝም ፊልሙ አያስቅም። የመዋዕለ ሕፃናት መምህርቷ ኤሊ በካስፒያን ባሕር ዳር የልጆቹን ካይት ታበራለች፤ ክሩ እየጎተታት ትሮጣለች፣ ትስቃለች፣ ካሜራውም ከፊቷ አይለይም። ከዚያ በኋላ ትጠፋለች። በቀረው ፊልም ሁሉም ስለ እርሷ ይከራከራል፣ ይዋሻል፤ እኛ ግን ያንን ፊት ስላየን ማንንም ሳንጠራጠር ማመን ያቅተናል። በጥቂት ደቂቃ እንዲህ ያለ ክብደት ትቶ የሚሄድ ተዋናይ ብዙ አላየሁም።

በ2016ቱ «ሻጩ» ደግሞ በቤቷ ጥቃት የደረሰባትን ራናን ተጫወተች። ፊልሙ በ2017 ኦስካር ሲያሸንፍ እርሷ አዳራሹ ውስጥ አልነበረችም፤ የአሜሪካው ፕሬዚዳንት ዶናልድ ትራምፕ በኢራናውያን ላይ የጣለውን የቪዛ ክልከላ ዘረኝነት ብላ በመቃወም እንደማትገኝ አስቀድማ አስታውቃ ነበር። ይህን የምጠቅሰው፣ ቀጥዬ የምነግራችሁ ተቃውሞዋ በአገሯ መንግሥት ላይ ብቻ ያነጣጠረ እንዳይመስላችሁ ነው።

በኅዳር 2022፣ የሻሽ ደንብ ጥሰሻል ተብላ በፖሊስ ተይዛ በነበረችው ወጣት በማህሳ አሚኒ ሞት የተነሣው ተቃውሞ በተፋፋመበት ወቅት፣ ያለ ሻሽ የተነሣችውን ፎቶ በማኅበራዊ ገጿ አወጣች፤ በእጇ የያዘችው ወረቀት በኩርድ ቋንቋ «ሴት፣ ሕይወት፣ ነፃነት» ይላል። በታኅሣሥ ወር፣ በተቃዋሚ ላይ የተፈጸመ የሞት ቅጣትን ካወገዘች በኋላ ታሰረች። በጥር 4 ቀን 2023 በዋስ ስትለቀቅ፣ በቴህራን ካለው ከኤቪን እስር ቤት ደጃፍ አበባ ይዛ፣ በወዳጆቿ ተከብባ፣ ፀጉሯን ሳትሸፍን ቆማ ታየች።