የአድማጮች ጥያቄና መልስ፦ የፋይበር ኬብል ከመታጠፍ፣ ከስብርባሪና ከዝናብ አንጻር

ከጅማ ደውለው ስለ ፋይበር ኬብል (ኢንተርኔትን በብርሃን የሚያደርስ፣ በውስጡ የመስታወት ክር ያለው ገመድ) የጠየቁ አድማጮች በርካታ ስለነበሩ፣ በአየር ላይ በሰዓት ጥበት ያሳጠርኳቸውን መልሶች እዚህ ዘርዘር አድርጌ አቅርቤያቸዋለሁ።

ጥያቄ፦ ሄርማታ አካባቢ ሱቅ አለኝ። መደርደሪያውን ወደ ግድግዳው ካስጠጋሁት ወዲህ ሞደሙ ላይ ቀይ መብራት በርቶ ቀርቷል፤ ገመዱ ግን አልተበጠሰም። ምን ሆኖ ነው?

መልስ፦ የገመዱ ሽፋን አለመበጠሱ ብርሃኑ ለማለፉ ማረጋገጫ አይሆንም። በውስጡ ያለው የሲሊካ መስታወት ክር 125 ማይክሮ ሜትር ውፍረት ያለው ሲሆን፣ ብርሃኑ የሚጓዝበት መሐሉ 9 ማይክሮ ሜትር ያህል ብቻ ነው። ብርሃኑ ከመሐሉ የማይወጣው በዙሪያው ያለው መስታወት ወደ ውስጥ ስለሚመልሰው ነው፤ ክሩ በጠባቡ ሲታጠፍ ግን ከመታጠፊያው ላይ ወደ ውጭ ያመልጣል። መደርደሪያውን ፈቀቅ አድርገው ኬብሉን ይፍቱት። በሚጠቀልሉበት ጊዜም ክቡ ከቡና ሲኒ አፍ አይጥበብ። ቀዩ መብራት ካልጠፋ ክሩ ተሰብሮ ሊሆን ስለሚችል ባለሙያ ይጥሩ፤ የኬብሉን ማገናኛ ከሞደሙ ነቅሎ በሸሚዝ ጫፍ መጥረግ ግን ትንሹን ችግር ትልቅ ያደርገዋል፣ ምክንያቱም አንዲት የአቧራ ቅንጣት ያንን መሐል ሙሉ በሙሉ ልትጋርድ ትችላለች።

ጥያቄ፦ ከጂሬን ነው የምደውለው። ቴክኒሻኑ ሠርቶ ከሄደ በኋላ ልጄ ስጋጃው ላይ ፀጉር የሚመስል ብልጭ የሚል ነገር አገኘ። የኬብሉን ጫፍም ወደ ዓይኑ አስጠግቶ ሲያይ ደረስኩበት። ያሰጋዋል ወይ?

መልስ፦ እናቴ፣ ሁለቱንም መጠየቅዎ ተገቢ ነው። ያገኘው የመስታወት ስብርባሪ ነው፤ ቆዳ ውስጥ በቀላሉ ይገባል፣ ሲያሹትም እዚያው ይሰበራል። በደንብ በበራ ቦታ በወረንጦ፣ በገባበት አቅጣጫ ቀስ ብለው ይሳቡት። ዓይን ውስጥ ከገባ ወይም ከተዋጠ ግን በቤት ውስጥ ከመሞከር ወደ ጤና ተቋም መሄድ ይገባል። ስጋጃውን በመጥረጊያ አይጥረጉት፣ ይበትነዋል፤ የሚጣበቅ ሰፊ ፕላስተር እየለጠፉ ያንሱት። ለቡና ቄጠማ ተጎዝጉዞ ከነበረ ሁሉንም ሰብስበው ይጣሉት፤ በቄጠማ መሐል መስታወት መፈለግ ከንቱ ድካም ነው። ጠንቃቃ ሠራተኛ ክሩን የሚቆርጠው ጥቁር ጨርቅ አንጥፎ፣ መነጽር አድርጎ፣ ቁራጮቹንም ክዳን ባለው ዕቃ እያጠራቀመ ነው፤ እርስዎም ይህን ከመጠየቅ አይፈሩ።

ስለ ዓይኑ፦ ወደ ቤት የሚመጣው ብርሃን 1490 ናኖ ሜትር የሞገድ ርዝመት ያለው በመሆኑ ለዓይን አይታይም፤ ስለዚህ ዓይን ለመከላከል አይጨፈንም። በቤት መስመር ላይ ኃይሉ አነስተኛ ስለሆነ ለአፍታ ማየቱ ብዙ አያስጨንቅዎ፤ ልማድ ግን አይሁን፤ በዋናው መስመር ላይ ያለው ብርሃን ዓይንን ሊጎዳ ይችላል። አንዳንዶች በስልክ ካሜራ አይተው «ብርሃን የለውም» ይላሉ፤ የስልክ ካሜራ ይህን ሞገድ ስለማያይ ማረጋገጫ ሊሆን አይችልም።

ጥያቄ፦ የኬብል ዝርጋታ ሥራ ተለማማጅ ነኝ። በክረምት ቱቦዎቹ ውኃ ይሞላሉ። ኬብሉን ስንስብ ምን እንጠንቀቅ?

መልስ፦ የመሳቢያውን ገመድ ከኬብሉ ሽፋን ጋር ሳይሆን በውስጡ ካለው ቢጫ የአራሚድ ክር ጋር እሰር፤ የመጎተትን ኃይል እንዲሸከም የተሠራው እሱ ነው። በመሳብ ላይ እያለ የመታጠፊያው ራዲየስ ከኬብሉ ዲያሜትር 20 እጥፍ፣ ከተዘረጋ በኋላ ደግሞ 10 እጥፍ አይነስ፤ 12 ሚሊ ሜትር ዲያሜትር ላለው ኬብል በመሳብ ጊዜ 24 ሴንቲ ሜትር ማለት ነው። ከጥቅሉ የወጣውን መሬት ላይ በ8 ቁጥር ቅርጽ አስቀምጠው፤ አለበለዚያ ይጠመዘዛል። ለማንሸራተት ግራሶ አትቀባ፤ ሽፋኑን ያበላሻል። ለኬብል የተዘጋጀ ማለስለሻ አለ። ጫፉንም ሁልጊዜ አሽገው፤ ውጥረት ባለበት መስታወት ላይ እርጥበት ሲጨመር ጥቃቅን ስንጥቆች ቀስ በቀስ ይሰፋሉ፣ መስመሩም ከወራት በኋላ በማይታወቅ ቦታ ሊቋረጥ ይችላል።

ጥያቄ፦ ፋይበር መብረቅ ይስባል?

መልስ፦ መስታወቱ ኤሌክትሪክ አያስተላልፍም። ከምሰሶ ላይ የሚያንጠለጥለው የብረት ሽቦ ግን ያስተላልፋልና ከመሬት ጋር በአግባቡ መያያዝ አለበት። ነጎድጓድ ከመድረሱ በፊት የሞደሙን የመብራት ገመድ ይንቀሉ።