ለጦር የሚውል ታክስ አልከፍልም ማለት ይቻላል?

አሜሪካ የሚኖሩ አድማጮች ደውለው ለታክስ ባለሙያችን ካቀረቧቸው ጥያቄዎች የተወሰኑትን እነሆ።

አድማጭ ከሜሪላንድ፦ ያደግሁት በመሠረተ ክርስቶስ ቤተ ክርስቲያን ነው። ሰው መግደል ለእኔ ኃጢአት ነው። ከደመወዜ በሚቆረጠው ታክስ ግን የጦር መሣሪያም ይገዛል። ህሊናዬ አልፈቀደም ብዬ ያንን ያህል ማስቀረት መብቴ ነው?

ባለሙያው፦ ወንድሜ፣ በሕጉ መብት አይደለም። እምነቱ ጠመንጃ ማንሳት የማይፈቅድለትን ሰው የአሜሪካ ሕግ አዝምቶ አያዋጋውም። ታክሱን ግን አይምረውም። እ.ኤ.አ. በ1982 አንድ የአሚሽ አማኝ (አሚሾች ከዘመናዊ ኑሮ ርቀው የሚኖሩ ክርስቲያኖች ናቸው) የሠራተኞቹን የሶሻል ሴኩሪቲ (የጡረታ) ታክስ በእምነቴ ምክንያት አልከፍልም ብሎ እስከ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ደርሶ ተረታ። በዚያ ውሳኔ የእርስዎም ጥያቄ በምሳሌነት ተነሥቷል። ጦርነት ኃጢአት ነው የሚል ሁሉ ድርሻውን ልቀንስ ካለ የታክስ ሥርዓቱ አይሠራም ተባለ።

ባለሙያው ቀጥሎ፦ የፍርድ ቤቱ መልስ ግን እኔን አያረካኝም። ጦርነትን ከሚቃወሙት የክርስትና ወገኖች ውስጥ ብዙ ሜኖናይቶችና ኩዌከሮች የሚሉት እኮ «ሙሉውን እንክፈል፤ ለጦር ብቻ አይዋል» ነው። ይህን የሚፈቅድ ረቂቅ ሕግ እ.ኤ.አ. ከ1972 ጀምሮ ለኮንግረስ በተደጋጋሚ ቀርቦ አልጸደቀም። ሊጸድቅ ይገባል ባይ ነኝ።

አድማጭ ከቨርጂኒያ፦ የታክስ ፎርሙ ላይ ራሴ ቀንሼ ብሞላስ? በቅርቡ የሲቲዝንሺፕ ማመልከቻ ላስገባ ነው።

ባለሙያው፦ እህቴ፣ በፍጹም እንዳያደርጉት! «የህሊና ቅናሽ» ብለው 1040 በሚባለው የገቢ ታክስ ፎርም ላይ ቢሞሉ አይአርኤስ (የታክስ መሥሪያ ቤቱ) 5,000 ዶላር ሊቀጣዎት ይችላል። ሆን ብሎ ፋይል አለማድረግ ደግሞ ወንጀል ነው፤ እስከ አንድ ዓመት ያሳስራል። በትክክል ፋይል አድርገው ሳይከፍሉ ቢቀሩ በየወሩ ግማሽ በመቶ ቅጣት ይጨመራል፣ ወለዱም አለ። ቀጥሎ ወደ ደመወዝዎና ወደ ባንክ ሂሳብዎ ይመጣሉ። የሲቲዝንሺፕ ፎርሙም ያልተከፈለ ታክስ እንዳለብዎት ይጠይቃል። እዚያ ላይ መዋሸት ከዕዳው የባሰ ጣጣ ያመጣል።

ያው አድማጭ፦ ታዲያ የተፈቀደው ምንድን ነው?

ባለሙያው፦ ሙሉውን ከፍለው የተቃውሞ ደብዳቤ ከፎርሙ ጋር ማያያዝ ይችላሉ፤ አያስቀጣም። ለኮንግረስ ተወካይዎም ይጻፉ። ዲዳክሽኑን (ከገቢ ላይ የሚቀነሰውን ወጪ) በዝርዝር የሚሞሉ ከሆነ ለበጎ አድራጎት የሰጡት ታክስ የሚጣልበትን ገቢ ሊቀንስ ይችላል። የገቢ ታክስ እንዳይደርስባቸው ብለው በጥቂት ገቢ ለመኖር የወሰኑም አሉ። ሕጋዊ ነው፣ እኔም አከብራቸዋለሁ። ልጆች ለሚያሳድግና አገር ቤት ለቤተሰብ ለሚልክ ሰው ግን ከባድ ነው፤ ከባለቤትዎ ጋር ሳይመክሩ እንዳይጀምሩት።