ፎሶሊያ ከነሐሴ እስከ ፋሲካ

እሺ ሰላም ሰላም፣ እንዴት ሰነበታችሁ። ዛሬ ብቻዬን ነኝ፣ የማወራችሁም ስለ ፎሶሊያ ነው፣ ምክንያቱም እዚህ ሜሪላንድ አሁን ነሐሴ ላይ ገበሬዎቹ ቅዳሜ ቅዳሜ የሚያመጡት ፎሶሊያ ስትሰብሩት ቀጭ የሚል ነው፣ ዐቢይ ጾም ሲገባ ግን በዛ ብርድ ሱቅ የምታገኙት ከሩቅ ተጭኖ የመጣ፣ የጠወለገ፣ ያውም ውድ ነው። 55 ቀን ደግሞ በሽሮ ብቻ አይዘለቅም፣ በተለይ ልጆች ካሉ።

ብዙ ሰው ጥሬውን አጥቦ ፌስታል ውስጥ ከትቶ ፍሪዘር ውስጥ ይጨምረዋል፣ ከወራት በኋላ ሲያወጣው ቀለሙ ደብዝዞ እንደ ድርቆሽ ሲሆንበት "ፎሶሊያ ፍሪዘር አይችልም" ይላል። ይችላል! ችግሩ ውስጡ ያሉት ኢንዛይሞች ናቸው፣ ማለትም ከተቀጠፈ በኋላም ሥራቸውን እየቀጠሉ ቀለሙንና ጣዕሙን የሚያበላሹት የራሱ ንጥረ ነገሮች፣ ብርድ ያዘገያቸዋል እንጂ አያስቆማቸውም፣ የሚያስቆማቸው የፈላ ውሃ ነው።

ስለዚህ ጫፍና ጫፉን ቁረጡና ለግማሽ ኪሎ ወደ 4 ሊትር ውሃ አፍሉ፣ ብዙ ነው አውቃለሁ፣ ግን ውሃው ካነሰ ፎሶሊያው ሲገባ ይበርድና እንደገና እስኪፈላ ዝም ብሎ ይልፈሰፈሳል። መልሶ ሲፈላ 3 ደቂቃ ቁጠሩ። በስልክ ቁጠሩ እባካችሁ፣ ምክንያቱም ቀቀል ማድረጉ ካነሰ ኢንዛይሙን ጭራሽ ያነቃቃዋል፣ ጥሬውን ብታስቀምጡት ይሻል ነበር ማለት ነው። አዲስ አበባ ያላችሁ 4 ደቂቃ አድርጉት፣ እዛ ከከፍታው የተነሳ ውሃ የሚፈላው 92 ዲግሪ አካባቢ ላይ ነው፣ ሽምብራ አልበስል እያለ የሚያስቸግራችሁም አንዱ በዚህ ነው።

ከዛ ወዲያው በረዶ የተጨመረበት ውሃ ውስጥ፣ ያንኑ ያህል ደቂቃ። አጥልሉት፣ በንጹህ ጨርቅ አድርቁት፣ እዚህ ላይ አትቸኩሉ፣ የቀረው እርጥበት በሙሉ በረዶ ሆኖ ነው የሚጠብቃችሁ። ትሪ ላይ ሳይደራረብ ዘርግታችሁ ፍሪዘር ውስጥ ጠንከር ሲል፣ ለአንድ ድስት የሚበቃችሁን እየለካችሁ ዚፕሎክ ውስጥ ክተቱ፣ አየሩን አስወጡ፣ ቀን ጻፉበት። ፍሪዘሩ ከዜሮ በታች 18 ዲግሪ ከሆነ ከ8 እስከ 12 ወር ጥሩ ሆኖ ይቆያል፣ ከነሐሴ እስከ ፋሲካ ደግሞ ቁጠሩት፣ 8 ወር ገደማ ነው።

ስትሰሩት በረዶው እስኪለቅ አትጠብቁ። ሽንኩርቱን በዘይት አቁላሉ፣ ካሮቱን አስቀድሙ፣ ፎሶሊያው ግማሽ መንገድ የበሰለ ስለሆነ መጨረሻ ላይ ከነበረዶው ይግባ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ጨው፣ ቃሪያ፣ በቃ። ከስራ ደክሟችሁ ገብታችሁ በሃያ ደቂቃ የጾም ራት ይደርሳል። በሉ፣ ቅዳሜ ገበያው ሳያልቅ ቀደም ብላችሁ ውጡ፣ ቸር ሰንብቱ።