ከ158ቱ በፊት የነበረው 25

የተከበራችሁ የስፖርት ጋዜጠኞች፣ አሰልጣኞችና የክሪኬት ወዳጆች፣ እንደምን አመሻችሁ።

የተሰጠኝ ርዕስ በአገሩ ውድድር የተጫወተ ክሪኬተኛ ኋላ ላይ ወደ ውጭ አገር ክለብ ሲሄድ ስለሚገጥመው ነገር ነው። ርዕሱ ሰፊ ነው። ከካሪቢያን፣ ከሕንድ፣ ከፓኪስታን፣ ከአውስትራሊያ ወደ እንግሊዝ ክለቦች የሚሄደውን ሁሉ ልዘርዝር ብል ይመሽብናል። ስለዚህ ስለ አንድ ሰው እናገራለሁ፤ በደቡብ አፍሪካ ተወልዶ ለእንግሊዝ ስለተጫወተው ክሪኬተኛ ስለ ባዚል ዶሊቬራ። እሱንም ቢሆን ሁላችን ስለምንጽፍለት ዶሊቬራ ሳይሆን ሁልጊዜ ስለምንዘለው። ዓመቶቹን የምጠራው በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆኑን ያዙልኝ።

የምንጽፈውን ታሪክ እዚህ ያለ ሁሉ በቃሉ ያውቀዋል። በ1968 ክረምት በለንደኑ ኦቫል ሜዳ በአውስትራሊያ ላይ 158 ራን (መቺው የሚያስቆጥረው ነጥብ) ሠራ። ወደ ትውልድ አገሩ ወደ ደቡብ አፍሪካ ከሚሄደው የእንግሊዝ ቡድን ግን ተዘለለ። ጩኸት ተነሣ። ከተመረጡት አንዱ ቶም ካርትራይት ተጎድቶ ሲወጣ በእሱ ቦታ ተጠራ። የደቡብ አፍሪካው ጠቅላይ ሚኒስትር ቮርስተር ነጭ ያልሆነው ዶሊቬራ ያለበትን ይህን ቡድን አልቀበልም አሉ፤ ጉዞውም ተሰረዘ። አገሪቱ ከ1970 ጀምሮ እስከ 1991 ከዓለም አቀፍ ክሪኬት ተገልላ ቆየች። ይህ ሁሉ እውነት ነው፤ መጻፍም ያለበት ነው። ቅሬታዬ ሁልጊዜ ከ1968 መጀመራችን ነው። ያን 158 የሠራው እጅ የት እንደተገራ የጠየቀ ጽሑፍ በእኛ ቋንቋ አላጋጠመኝም። የተገራው በ1960 ነው፤ በማንቸስተር አጠገብ ባለችው ሚድልተን፣ በአንድ የከተማ ክለብ ውስጥ። እዚያ የተጫወታቸው የመጀመሪያዎቹ አምስት ኢኒንግሶች (የመምታት ተራዎች) ተደምረው 25 ራን ብቻ ነበሩ።

እዚህ ቁጥር ላይ ጊዜ እንድንወስድ እፈልጋለሁ።

ዶሊቬራ የኬፕታውን የሲግናል ሂል ሰፈር ልጅ ነው። ማተሚያ ቤት እየሠራ ለሴንት ኦገስቲን ክለብ ይጫወት ነበር። በአፓርታይድ መዝገብ «ክልስ» ተብሎ ስለተመዘገበ በነጮቹ የአውራጃ ውድድርም ሆነ በብሔራዊው ቡድን መሰለፍ አይፈቀድለትም። ነጭ ያልሆኑት የራሳቸው ቦርድና የራሳቸው ውድድር ነበራቸው። ዶሊቬራ የእነሱ ቡድን አምበል ሆኖ በ1958 ወደ ኬንያ ሄዷል፤ እዚሁ ምሥራቅ አፍሪካ ድረስ መጥቶ ስለ ጉዞው አንድ አንቀጽ እንኳ አለመጻፋችን ሁልጊዜ ይቆጨኛል። በ1959 ፍራንክ ዎረል የካሪቢያን ቡድን ይዞ ሊመጣላቸው ታቅዶ ነበር፤ እሱም ተሰረዘ። ከዚያ በኋላ አገር ቤት የቀረው በር አልነበረም።

ስለዚህ ደብዳቤ ጻፈ። የጻፈው በሬዲዮ ድምፁን ለሚያውቀው እንግሊዛዊ የክሪኬት ዘጋቢ ለጆን አርሎት ነው። አርሎት ጉዳዩን ለማንቸስተሩ ጋዜጠኛ ለጆን ኬይ አስተላለፈ። ኬይ የላንክሻየር ክለቦችን በር ሲያንኳኳ ቆየ፤ በአውራጃ ደረጃ አንድ ጨዋታ እንኳ ያልተመዘገበለትን ሰው የሚወስድ ክለብ አልተገኘም። ነገሩ የተቃናው ሚድልተን ሊያስፈርመው ያሰበው የካሪቢያኑ ፈጣን ወርዋሪ ዌስ ሆል በመጨረሻ ሰዓት ሲቀርበት ነው። ለዶሊቬራ የቀረበው ክፍያ ለአንድ የውድድር ዘመን 450 ፓውንድ ነበር። የአውሮፕላን ዋጋውን፣ ቀለቡንና ማደሪያውን የሚሸፍነው ከዚሁ ነው። ሂሳቡ እንደማያዋጣ ማንም ያየዋል። ጉድለቱን የሞሉት የኬፕታውን ሰዎች ናቸው፤ ጨዋታ አዘጋጅተው፣ ሳንቲም አዋጥተው። ነፍሰ ጡር ሚስቱን ትቶ ሚያዝያ 1960 ደረሰ፤ የደቡብ አፍሪካ ፖሊስ ጥቁር ሰልፈኞችን የገደለበት የሻርፕቪል ጭፍጨፋ ከተፈጸመ ጥቂት ቀናት በኋላ መሆኑ ነው።

አሁን ወደ ሜዳው እንግባ፤ ምክንያቱም 25ቱን ራን የሚያስረዳን ሜዳው ነው።

ዶሊቬራ ያደገው በምንጣፍ ላይ ነው። ለእነሱ የተተወላቸው ሜዳ ሣር አልባና ወጣ ገባ ስለነበር ፒቹ (ኳስ የሚወረወርበት የሜዳው መሃል) ላይ ምንጣፍ ይዘረጋና ዳር ዳሩ በካስማ ይወጠራል። ኳስ ምንጣፍ ላይ ስታርፍ ከፍ ብላና ፈጥና ትነሣለች። በዚህ የለመደ መቺ ኳሷ ወገቡ ድረስ እንደምትመጣለት ያምናል። ቶሎ ይወስናል፤ ባቱን (የመምቻ ዱላውን) ከፍ አድርጎ ያነሣል፤ በአግድም መምታትም አያስፈራውም።

የላንክሻየር ሚያዝያ የዚህ ተቃራኒ ነው። ዝናብ የጠጣ ሣር ላይ ስታርፍ ኳሷን መሬቱ ይይዛታል። ዘግይታ ትመጣለች፤ አንዳንዴ ከቁርጭምጭሚት በላይ አትነሣም፤ በስፌቷ ካረፈች ደግሞ ወደ አንዱ ጎን ትታጠፋለች። ቶሎ መምታት የለመደ ሰው ባቱ ኳሷን ቀድሟት ያልፋል። ከዚያ ከሁለት አንዱ ይሆናል። ወይ ኳሷ ያለ ኃይል ወደ ላይ ትነሣና ፊት ለፊት የቆመው ተጫዋች ይቀልባታል፤ ወይ ከባቱ ሥር ሾልካ ዊኬቱን (ከኋላው የተተከሉትን እንጨቶች) ታፈርሳለች። ልብ በሉ፤ ሰውየው ጥሩ መቺ ነው፣ ዓይኑም እጁም ደኅና ነው። የተሳሳተው የሰከንድ ሽራፊ ነው፤ ያ ሽራፊ ግን ለዓመታት በሰውነቱ ውስጥ የተቀበረ ስለሆነ በምክር ብቻ አይነቀልም።

እርማቱ በተግባር ይህን ይመስላል። ባቱ ዝቅ ተደርጎ ይነሣል። የፊት እግር እርምጃ ያጥራል፤ ረጅም እርምጃ ወስዶ የቆመ ሰው ኳሷ ስትዘገይበት ወደ ኋላ መመለስ አይችልም። ኳሷ ከዓይን ሥር እስክትደርስ ይጠበቃል፤ ወደ እሷ ተሂዶ አትመታም። ባቱን ከታች የያዘው እጅ ይላላል፤ ያ እጅ ጠንክሮ ከያዘ ኳሷ ወደ ላይ ትወጣለች። በመጀመሪያዎቹ ሃያና ሠላሳ ኳሶች በአግድም መምታት የለም። በውርወራም እንዲሁ ነው። ምንጣፍ ላይ አጠር ብላ ያረፈች ኳስ ደረት ላይ ትነሣለች፤ እርጥብ ሣር ላይ ግን ያቺው ኳስ ቆማ ትጠብቃለች፣ መቺውም ደልቆ ይሸኛታል። ስለዚህ ወርዋሪው ከለመደው ቦታ አንድ ሜትር፣ አንዳንዴም ከዚያ በላይ ወደ መቺው አስጠግቶ ማሳረፍ አለበት። ፒቹ በጠቅላላው 20.12 ሜትር ነው፤ በዚህ ርቀት ላይ አንድ ሜትር ብዙ ነገር ነው። ጫማውም ይቀየራል፤ ለምንጣፍ የሚሆን ለስላሳ ሶል እርጥብ ሣር ላይ ያንሸራትታል፣ ረጅም የብረት ጥርስ ያለው ያስፈልጋል።

ዶሊቬራ ይህን የተማረው በሚድልተን አብሮት ከሚጫወተው፣ ቀድሞ ለላንክሻየር ከተሰለፈው ከኤሪክ ፕራይስ ጋር እየተነጋገረ ነው። አስቡት፤ ደመወዝ የሚከፈለው ባለሙያ ከክለቡ ባልደረባው ይማራል፤ በየቅዳሜው ደግሞ ሕዝቡ ለምን እንዳመጡት እየጠየቀ ያየዋል።

ምክንያቱም ሚድልተን የሚወዳደርበት የላንክሻየር ክለቦች ሊግ ሥርዓት ያኔ ጨካኝ ነበር። አንድ ክለብ የሚያሰልፈው ተከፋይ አንድ ብቻ ነበር። ሌሎቹ አስሩ ሳምንቱን በፋብሪካ፣ በሱቅ ወይም በቢሮ የዋሉ የከተማው ሰዎች ነበሩ። ተከፋዩ ራን እንዲሠራም ዊኬት እንዲጥልም (መቺዎችን እንዲያስወጣም) ይጠበቅበታል፤ በአንዱ ቢከሽፍ በሌላው እንዲክስ። በሥራ ቀን ማታ ማታ ታዳጊዎችን ያሠለጥናል። 50 ራን ሲሞላ በተመልካቹ መካከል ዕቃ ይዞራል፣ ሰው ያለውን ሳንቲም ይጥላል፤ መዋጮው የእሱ ነው። 450 ፓውንድ ለተቀበለ ሰው ያ ሳንቲም የቤት ኪራይ ማለት ነው። 49 ላይ የወጣ ቀን ምንም የለም።

የውድድር ዘመኑ ሲያልቅ ዶሊቬራ 930 ራንና 71 ዊኬት ነበረው። በራን አማካይ ሊጉን መርቶ ጨረሰ፤ በዚያው ሊግ ለራድክሊፍ ይጫወት የነበረውን ጋሪ ሶበርስን በልጦ! ሶበርስን ነው የምላችሁ! በ25 የጀመረ ሰው በዚያው ዓመት የዘመኑን ታላቅ ሁለገብ ተጫዋች አለፈ፤ ያለፈውም በኦቫል አይደለም፣ የፋብሪካ ሠራተኛ እንጀራውን ይዞ በሚመለከትበት የክለብ ሜዳ ላይ ነው።

ታዲያ እኛ አንድ የአገር ቤት ተጫዋች ወደ ውጭ ክለብ በሄደ ቁጥር «የሙያው ማብቂያ» እያልን የምንጽፈው በምን ሂሳብ ነው? ለጡረታ ሄደ፣ ሽርሽር ሄደ፣ ተጣለ እንላለን። ሊሪ ኮንስታንታይን ከትሪኒዳድ ሄዶ ከ1929 እስከ 1937 ለላንክሻየሩ ክለብ ለኔልሰን ሲጫወት፣ ኔልሰንም በዘጠኝ ዓመት ሰባት ጊዜ ሻምፒዮን ሲሆን ተጥሎ ነበር? የካሪቢያኖቹ ጆርጅ ሄድሊ ለሃስሊንግደን፣ ኤቨርተን ዊክስ ለባከፕ፣ ክላይድ ዎልኮት ለኤንፊልድ ሲጫወቱ አብቅቶላቸው ነበር? አውስትራሊያዊው ፈጣን ወርዋሪ ዴኒስ ሊሊ በ1971 ሃስሊንግደን የሄደው ገና ሊነሣ ሲል ነው። ስለማናውቀው ሥራ የምንሰጠው ፍርድ ተጫዋቹን ይጎዳዋል፤ አገሩ ሲመለስ መራጮች የሚያነቡት የእኛን ጽሑፍ ነውና። ይህ መቆም አለበት!

ዶሊቬራ በሚድልተን አራት የውድድር ዘመን ቆየ። በ1964 ወደ አውራጃው ቡድን ወደ ዉስተርሻየር ተዛወረ፤ ለአውራጃ ውድድር የሚያበቃውን የነዋሪነት ጊዜ እስኪሞላ ድረስ ቅዳሜ ቅዳሜ ለኪደርሚንስተር ክለብ ተጫወተ። በ1966 በለንደኑ ሎርድስ ሜዳ ለእንግሊዝ ተሰለፈ። ዕድሜውን ቀንሶ ይናገር ነበር፤ እውነተኛውን ቢያውቁ መራጮቹ እንደማይነኩት ያውቃልና። አፓርታይድ የወሰደበት የሃያዎቹ ዕድሜው ነው፤ እሱን የሚመልስ ክለብም ሊግም የለም። በዚያ ዕድሜ ጀምሮ 44 ቴስት (በአገሮች መካከል የሚደረግ የብዙ ቀን ጨዋታ)፣ 2,484 ራን፣ አምስት ጊዜም መቶና ከዚያ በላይ ራን። ኦቫል ላይ ያየነው ትዕግሥት ከሚድልተን የመጣ ነው።

ስለ ዛሬዎቹ ደግሞ ባጭሩ። የራንጂ ዋንጫ በሚባለው የሕንድ የአገር ውስጥ ውድድር የሚሰለፍ ተጫዋች በአብዛኛው ወደ እንግሊዝ የሚሄደው ዘመኖቹ ስለማይጋጩ ነው፤ እንግሊዝ ከሚያዝያ እስከ መስከረም ይጫወታል፣ የሕንዱ የሚጀምረው ከዚያ በኋላ ነው። አውስትራሊያ ግን በዚያው በሕንድ ወቅት ስለሚጫወት ሁለቱን አንድ ላይ መያዝ አይቻልም። በውጭ አገር የቲ20 (አጭሩ የክሪኬት ዓይነት) ሊጎች ለመጫወት የሚፈልግ ሕንዳዊ ወንድ ተጫዋች ከአገሩ ክሪኬት ጡረታ መውጣት አለበት። ኡንሙክት ቻንድ በ2012 የወጣቶች ዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ላይ 111 ሠርቶ ሳይወጣ አገሩን ለድል ያበቃ አምበል ነው፤ በ2021 ወደ አሜሪካ ሲሄድ በሩን ዘግቶ ነው የሄደው። በፓኪስታን በ2019 የባንኮችና የመሥሪያ ቤቶች ቡድኖች (ኋላ ላይ ቢመለሱም) ሲቀሩ ከቡድኑ ጋር ቋሚ ደመወዝም አብሮ ቀረ። ለብዙ ተጫዋች የውጭ ክለብ የቤተሰብ ቀለብ ሆነ።

ከእናንተ መካከል ተጫዋች የሚያማክር ካለ፣ ከመፈረሙ በፊት እነዚህን በጽሑፍ ያስቀምጥ። ቲኬቱን የሚከፍለው ማን ነው? ማደሪያውስ የክለቡ ነው የእሱ? ዝናብ ጨዋታ ሲሰርዝ ክፍያ አለ? ጉዳት ቢደርስበት ሐኪምና ቀሪ ደመወዝ በማን ነው? የሥልጠናው ሰዓት በሳምንት ስንት ነው? ከሁሉ በላይ ቪዛው። በጎብኚ ቪዛ እንግሊዝ የገባ ሰው ተከፍሎት መጫወትም ማሠልጠንም አይችልም፤ በእጅ የሚሰጥ ብርም ክፍያ ነው። ተከፋይ ከሆነ የእንግሊዝ ክሪኬት ቦርድ ድጋፍ ያለበት የስፖርተኛ ቪዛ ያስፈልገዋል። ከራሱ ቦርድ ደግሞ የፈቃድ ደብዳቤ። ይህ ሳይሟላ የተሳፈረ ተጫዋች ከአየር ማረፊያ ሊመለስ ይችላል፤ ሲመለስም ቀጣዩን ማመልከቻውን ያበላሽበታል።

ዘጋቢዎች ደግሞ በሚቀጥለው ሚያዝያ አንድ የማታውቁት ስም በላንክሻየር ክለብ ዝርዝር ውስጥ ስታዩ፣ የመጀመሪያዎቹን አምስት ኢኒንግሶች አይታችሁ አትፍረዱበት። ያደገበት ፒች ምን ዓይነት እንደነበር ጠይቁ፤ ከዚያ መስከረም ላይ ተመልሳችሁ ቁጥሩን እዩ።

አመሰግናለሁ።