እስከ መቼ እንግዳ? (ቶኪዮ ለተሰበሰቡ ወገኖች የቀረበ የእንቁጣጣሽ ንግግር)

የተከበራችሁ እናቶችና አባቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፣ እንኳን ከዘመን ዘመን በሰላም አሸጋገራችሁ!

አዘጋጆቹ አጠር ያለ የበዓል መልእክት ጠይቀውኛል። እኔ ግን ለዓመታት በየሁለት ወሩ ቴሌቪዥን ከፍተን ስናየው ስለኖርነው ሰው፣ ስለ ሃኩሆ፣ የጃፓን ባህላዊ ትግል ስለሆነው ስለ ሱሞ ታላቅ ተፋላሚ፣ መናገር እፈልጋለሁ።

ከሞንጎልያ፣ ከኡላን ባቶር ጃፓን የገባው እ.ኤ.አ. በ2000 ነው። ገና የአሥራ አምስት ዓመት ልጅ፣ ክብደቱም 62 ኪሎ። አባቱ፣ የእኛው ማሞ ወልዴ በማራቶን ወርቅ ባጠለቀበት በሜክሲኮ ኦሊምፒክ፣ በትግል የብር ሜዳሊያ ያገኘ የአገሩ ጀግና ነው። እዚህ ግን የማን ልጅ ነህ ብሎ የጠየቀው የለም። ቀጭን ነው ተባለና የሚወስደው የሱሞ ቤት፣ ማለትም ተፋላሚዎች አብረው የሚኖሩበትና የሚሠለጥኑበት ቤት፣ ጠፋ። ወደ አገሩ ሊመለስ ጥቂት ሲቀረው፣ ቀድሞት የመጣ ኪዮኩሹዛን የሚባል ሞንጎላዊ ተፋላሚ ወሬውን ሰማ። ዝም አላለም። የራሱን ቤት አለቃ ለመነለት፤ አለቃውም ሌላ አለቃ አግባባ፤ በመጨረሻ ሚያጊኖ የተባለው ቤት ተቀበለው።

የጀማሪን ኑሮ ታውቁታላችሁ። ደመወዝ የለም። ጎህ ሳይቀድ ልምምድ፣ ከዚያ ቻንኮውን፣ የተፋላሚዎቹን ወጥ፣ መቀቀል፣ ታላላቆቹ በልተው እስኪነሱ ቆሞ ማስተናገድ፣ ከድስቱ የተረፈውን መብላት። ልጁ በዚህ ሁሉ አልፎ በ2007 ዮኮዙና ሆነ፣ የሱሞ የመጨረሻው ከፍተኛ ማዕረግ ማለት ነው፤ 45 ጊዜ ዋንጫ አነሳ። ይህን ያህል ያነሳ ማንም የለም! በ2011 ግጥሚያ ይሸጣል ተብሎ ሱሞ በቅሌት ሲናጥ፣ የመጋቢቱ ውድድር ሲሰረዝ፣ ብቸኛው ዮኮዙና እሱ ነበር። የሱሞን ስም ያተረፈላቸው ይሄ የውጭ ልጅ ነው!

ታዲያ ምን ተደረገ? የጃፓን ዜጋ ካልሆንክ ከሱሞ ስትወጣ አሰልጣኝ ሆነህ መቆየት አትችልም ይላል ደንቡ። በ2019 የዚያ ጀግና ልጅ የሞንጎልያ ዜግነቱን ተወ። በሌላ በኩል ደግሞ አንድ የሱሞ ቤት ከአንድ በላይ የውጭ ተፋላሚ መያዝ አይችልም፤ ከ2010 ወዲህ ዜግነት የቀየረውም እንደ ውጭ ሰው ይቆጠራል። እስቲ ፍረዱ! ፓስፖርትህን አስረክብ ይሉታል፤ ካስረከበም በኋላ አንተ የውጭ ሰው ነህ ይሉታል። ታዲያ ይህ ሰው የማን ነው? ከዚህ በላይ ምን ይስጥ? ልጆቼ ተወልደው ያደጉት በዚህች አገር ነው፤ እወዳታለሁ፤ ስለምወዳትም ይህ ደንብ ግፍ ነው እላለሁ!

በ2024፣ አሰልጣኝ ሆኖ ሳለ፣ ደቀ መዝሙሩ በፈጸመው ድብደባ ምክንያት ሃኩሆ ተቀጥቷል። ቅጣቱ ተገቢ ነው፤ የተደበደቡት ልጆች ናቸው። ያም ሆኖ ደንቡ ያው ግፍ ነው።



በዚህ ዓመት ከአገር ቤት አዲስ ተማሪዎች ይመጣሉ። ቤት የሚያከራያቸው፣ ሥራ የሚሰጣቸው ሲጠፋ እንደ ኪዮኩሹዛን የሚለምንላቸው ሰው ይፈልጋሉ። እነሱን ለመርዳት የምትመዘገቡበት መዝገብ በሩ አጠገብ ነው፤ ሳትወጡ ስማችሁንና ስልካችሁን ጻፉ።

መልካም አዲስ ዓመት!